ለድምቀት

በቡጢ ግጥሚያ፣ በሁለት ዙሮች መካከል አንዲት ደቂቃ አለች። ደወሉ ሲደወል ተፋላሚዎቹ ወደየማዕዘናቸው ያዘግማሉ፤ ትንሽ በርጩማ ይቀርብላቸዋል። አሠልጣኙ ፊታቸው ተንበርክኮ በጥድፊያ ይናገራል። አንዱ ረዳት የጥርስ መከላከያውን ተቀብሎ በውኃ ያጥባል፤ ሌላው በበረዶ የቀዘቀዘ ብረት ያበጠ ጉንጭ ላይ ይጫናል፣ የተሰነጠቀ ቅንድብ ላይ ቫዝሊን ይቀባል። ለዚህ ሁሉ የተሰጠው ጊዜ 60 ሰከንድ ነው። በእነዚያው 60 ሰከንዶች፣ በመድረኩ መሀል፣ ከዋና ልብስ ብዙ የማይበልጥ ልብስ የለበሰች ወጣት ቁጥር የተጻፈበት ካርድ ከራሷ በላይ ከፍ አድርጋ፣ በረጅም ተረከዝ ጫማ እየተራመደች ለአራቱም አቅጣጫ ፈገግ ትላለች። ካርዱ ላይ 5 ካለ የሚቀጥለው አምስተኛው ዙር ነው። ከዚያ በገመዶቹ መሀል ሾልካ ትወርዳለች፣ ደወሉ ይደወላል፣ ቡጢው ይቀጥላል።

ከዚህች ወጣት ጋር እኛ ቤት የምንገናኘው እሁድ ማለዳ ነው። ላስ ቬጋስ ላይ የቅዳሜ ምሽቱ ዋና ግጥሚያ ሲጀመር አዲስ አበባ ነግቷል። ባለቤቴ ቡጢ ነፍሱ ነው፤ በሥራ ቀን ሦስት ጊዜ ካልተቀሰቀሰ የማይነሳ ሰው፣ የዓለም ሻምፒዮና ካለ ማንም ሳይጠራው ይነሳል። ልጃችንም ከሕፃንነቷ ጀምሮ ብርድ ልብሷን እየጎተተች መጥታ ሶፋው ላይ አጠገቡ መቀመጥ ለምዳለች። አብረውን የሚኖሩት አማቴ በዚያው ሰዓት ለቅዳሴ ሊወጡ ነጠላቸውን ያጣፋሉ። ከእነዚህ ማለዳዎች በአንዱ ነው፣ ካርድ ያዧ ብቅ ስትል አማቴ በሩ ላይ ቆመው፣ «ምነው ይህቺ ልጅ፣ በዚህ ብርድ ልብሷን ማን ወሰደባት?» ያሉት። ባለቤቴ ሪሞት ፍለጋ የሶፋውን ትራስ ሲያገላብጥ፣ ያኔ የ11 ዓመት ልጅ የነበረችው ልጄ ዓይኗን ከቴሌቪዥኑ ሳትነቅል ጠየቀች፤

«አባዬ፣ የእሷ ሥራ ግን ምንድን ነው?»

«ስንተኛ ዙር እንደሆነ ታሳያለቻ።»

«እሱማ እዚህ ጥግ ላይ ተጽፏል።»

እውነቷን ነው። ከቴሌቪዥኑ ጥግ ላይ የዙሩ ቁጥርም የቀረው ሰዓትም ተቀምጧል። ባለቤቴ ትንሽ አሰበና፣ «በቃ፣ ለድምቀት ነው» አላት።

«ለድምቀት» የሚለውን ቃል ከዚያ በፊት ሺህ ጊዜ ሳልሰማው አልቀረሁም። ያን ቀን ግን ጆሮዬ ላይ ቀረ። ድምቀት በራሱ መልካም ነገር ነው፤ ሠርጉም ዓመት በዓሉም ያለ ድምቀት አይሆንም። ግን አንዲት ሴት «ለድምቀት ተፈልጋለች» ሲባል ምን ማለት ነው? ማን ፈለጋት? ምን ተከፈላት? ከድምቀቱ በኋላስ የት ትቀመጣለች? እኔ ቡጢ ወዳድ አይደለሁም። የልጄ ጥያቄ ግን የተሻለ መልስ ይገባዋል ብዬ ማንበብ ጀመርኩ።

የዘመናዊው ቡጢ መሠረት የሆነው የኩዊንስበሪ ሕግ እንግሊዝ ውስጥ የታተመው እ.ኤ.አ. በ1867 ነው (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ጓንት ይደረግ፣ አንዱ ዙር ሦስት ደቂቃ ይሁን፣ በዙሮች መካከል አንድ ደቂቃ እረፍት ይኑር ይላል። ካርድ ስለምትይዝ ሴት ግን አንዲት ቃል የለበትም። ልማዱ የተጀመረበት ጊዜ ተብሎ ብዙውን ጊዜ የሚጠቀሰው 1965 ነው። በ1922 የተመሠረተው «ዘ ሪንግ» የተባለው የአሜሪካ የቡጢ መጽሔት፣ በላስ ቬጋስ ግጥሚያዎች ላይ የዙር ቁጥር እንድትይዝ የታሰበችን ሞዴል ፎቶ ያወጣው በዚያ ዓመት ነበር።

ብዙ ወገኖቻችን ታክሲ የሚነዱባትን ላስ ቬጋስን ለሚያውቅ ነገሩ አይገርምም። ከተማዋ የምትኖረው በካዚኖና በትርኢት ነው። ሆቴሎቹ የቡጢ ግጥሚያ ሲያዘጋጁ የሚመጣው ሰው ክፍል ይይዛል፣ ይበላል፣ ይጠጣል፣ ይቆምራል ብለው ነው። እንዲህ ባለ ቦታ ባዶ ደቂቃ ኪሳራ ናት። ካርዱንም ልብ ብላችሁ ካያችሁት ቁጥሩ ብቻውን የሚሆንበት ጊዜ ጥቂት ነው፤ አጠገቡ የድርጅት ስም አለ። ቢራ ሊሆን ይችላል፣ የውርርድ ድርጅት ሊሆን ይችላል። ሰው በእረፍቱ ሰዓት ዓይኑን ከመድረኩ እንዳያነሳ ሴቲቱ ትዞራለች፤ ያልተነሳው ዓይን ደግሞ የድርጅቱን ስም ያነባል።

ስለዚህ የመጀመሪያው መልስ ይህ ነው፤ ሥራዋ ማስታወቂያ ነው። ገንዘብ ስለሚያስገባም ነው እስከ ዛሬ የቆየው። ከሩቅ ሲታይ እንደሚመስለውም ቀላል አይደለም። የመድረኩ ወለል ከሥሩ ለስላሳ ስለሆነ ተረከዝ ያሰምጣል፤ ከዙር ወደ ዙር ውኃና ላብ፣ አንዳንዴም ደም ይፈስበታል። በዚያ ላይ ሳይንሸራተቱ፣ ቁጥሩን ሳይሳሳቱ፣ ክንድ ሳያጥፉ፣ ፊት ሳይኮሳተሩ ዞሮ፣ ዙሩ ሊጀመር 10 ሰከንድ ሲቀር ከሚሰጠው ምልክት ጋር መውረድ ያስፈልጋል። ጭብጨባውም ስድቡም ያፏጨውም የሚደርሰው ለእሷ ነው። ፈገግታዋን ማጥፋት ግን አትችልም፤ ፈገግታውም የሥራው አካል ነውና።

የምትይዘው ቁጥር ደግሞ እንዲያው ቁጥር ብቻ አይደለም። ዛሬ የወንዶች የዓለም ሻምፒዮና 12 ዙር ነው፤ 13፣ 14 ወይም 15 የሚል ካርድ የሚያነሳ የለም። ድሮ ግን ነበር። በኖቬምበር 1982 ላስ ቬጋስ ውስጥ አሜሪካዊው ሬይ ማንሲኒና ደቡብ ኮሪያዊው ኪም ዱክ ኩ ገጠሙ። ኪም በ14ኛው ዙር ተመትቶ ወደቀ፤ አንጎሉ ላይ በደረሰው ጉዳት ከቀናት በኋላ ሞተ። የዓለም የቡጢ ምክር ቤት ሻምፒዮናውን ከ15 ወደ 12 ዙር ለመቀነስ የወሰነው ከዚህ በኋላ ነው፤ ሌሎቹም በዚያው አሥርት ዓመት ተከተሉት። ሦስቱ ካርዶች ከመድረክ የወረዱት ሰው ከሞተ በኋላ ነው። ይህን ካነበብኩ ወዲህ ካርድ ያዧ ስትዞር ባየሁ ቁጥር ቁጥሩን አነባለሁ።

ሴቶች በዚያ መድረክ ላይ ካርድ ብቻ ይዘው አልቀሩም። በማርች 1996 ማይክ ታይሰንና ፍራንክ ብሩኖ ላስ ቬጋስ ላይ ሲጋጠሙ፣ ከዋናው ግጥሚያ በፊት አሜሪካዊቷ ክሪስቲ ማርቲንና አየርላንዳዊቷ ዲርድረ ጎጋርቲ ወጡ። ማርቲን አፍንጫዋ እየደማ ተፋልማ አሸነፈች። ታይሰንን ሊያይ የመጣው ሕዝብ የእነሱን ግጥሚያ እያወራ ሄደ፤ ማርቲንም በወሩ የታዋቂው የስፖርት መጽሔት የ«ስፖርትስ ኢለስትሬትድ» ሽፋን ላይ ወጣች። በ2012 የሴቶች ቡጢ ለመጀመሪያ ጊዜ በለንደን የኦሊምፒክ ውድድር ሆነ፤ የመጀመሪያውን ወርቅ እንግሊዛዊቷ ኒኮላ አዳምስ ወሰደች። በኤፕሪል 2022 ደግሞ ኬቲ ቴይለርና አማንዳ ሴራኖ የኒውዮርኩን ማዲሰን ስኩዌር ጋርደን ሞልተው ገጠሙ። በዚያ አዳራሽ የቡጢ ታሪክ ሴቶች የምሽቱ ዋና ግጥሚያ ሲሆኑ ያን ዕለት የመጀመሪያቸው ነበር።

ሆኖም እኩልነቱ ገና ነው። የሴቶች ሻምፒዮና በተለምዶ 10 ዙር ሲሆን አንዱ ዙር ሁለት ደቂቃ ነው። ደምሩት፤ ወንዶቹ 36 ደቂቃ፣ ሴቶቹ 20 ደቂቃ ይፋለማሉ። አንዳንዶቹ ሴት ቡጢኞች ይህን አንቀበልም ብለዋል፤ ሴራኖ በኦክቶበር 2023 ከብራዚሏ ዳኒላ ራሞስ ጋር እንደ ወንዶቹ 12 ባለ ሦስት ደቂቃ ዙር ተጋጥማ አሸንፋለች።

በቅርብ ዓመታት «ለድምቀት» የሚቆሙ ሴቶች ጉዳይ በሌሎችም ስፖርቶች አነጋጋሪ ሆኗል። በ2018 መጀመሪያ ላይ ፎርሙላ ዋን ከመኪኖቹ ፊት ስም ይዘው የሚቆሙትን ሴቶች አስቀረ። በዚያው ወር የዳርት ስፖርት አዘጋጆች ተወዳዳሪውን አጅበው ወደ መድረክ የሚያወጡትን ሴቶች አቆሙ። ቱር ደ ፍራንስ በ2020 አሸናፊውን ግራና ቀኝ የሚያጅቡትን ሁለት ሴቶች በአንድ ሴትና በአንድ ወንድ ተካ። ቡጢ በጥቅሉ በልማዱ ቢቆይም፣ በኦገስት 2019 አውስትራሊያ፣ ቤንዲጎ ከተማ ውስጥ ጄፍ ሆርንና ማይክል ዜራፋ ሲገጥሙ የከተማዋ ከንቲባ ባነሱት ጥያቄ ካርዱን ወንዶች ያዙ። ግጥሚያው እንደ ግጥሚያ ተካሄደ፤ ዜራፋም በዘጠነኛው ዙር አሸነፈ።

እዚህ ላይ ልቤን የከፈለው የሴቶቹ የራሳቸው ድምፅ ነው። ፎርሙላ ዋንና ዳርት ውሳኔያቸውን ባሳወቁ ጊዜ ብዙዎቹ በአደባባይ ተቃወሙ። ሥራችን ነበር፣ ወደነው ነበር፣ ክብራችንን ለመጠበቅ ብላችሁ እንጀራችንን ስትወስዱ ማን ጠየቀን አሉ። ይህን ሲያነቡ «ምን ዓይነት ሥራ ነው ደግሞ» ብሎ ማለፍ ይቀላል። እኔ ግን የእህቴን ልጅ አሰብኩ።

የእህቴ ልጅ ዩኒቨርሲቲ ሳለች በየኤግዚቢሽኑና በየምርቃቱ በአስተናጋጅነት ትሠራ ነበር። ታውቋቸዋላችሁ፤ የባንክ ቅርንጫፍ ሲመረቅ የሪባኑን መቀስ በትሪ ይዘው የሚቆሙት፣ እንግዳ ሲመጣ እቅፍ አበባ የሚሰጡት፣ አዲስ መኪና ሲተዋወቅ አጠገቡ ቆመው ፈገግ የሚሉት ልጆች ናቸው። አንድ ቀን ስለ ሥራው ስጠይቃት የነገረችኝ ስለ ውበት አልነበረም። በረጅም ተረከዝ አምስት ሰዓት መቆምን፣ ምሳ ሁሉም በልቶ ካለቀ በኋላ መብላትን፣ ክፍያ «ነገ፣ ከነገ ወዲያ» መባሉን፣ ስልክ ቁጥር የሚጠይቁ ጎልማሶችን ሳያስቀይሙ መመለስን ነገረችኝ። ከዚያ ደግሞ በዚያ ገንዘብ ላፕቶፕ እንደገዛች፣ የመጨረሻ ዓመቷን የቤት ኪራይ እንደከፈለች ነገረችኝ። «አክስቴ፣ እንዲያዝኑልኝ አልፈልግም፤ በሰዓቱ እንዲከፍሉኝ ነበር የምፈልገው» አለችኝ። ካርድ ስለያዙት ሴቶች ሰው ሁሉ ስለ ልብሳቸው ሲያወራ፣ እኔ ወዲያው የሚታወሰኝ ይህ ንግግሯ ነው።

ከዚያ ነገሩ ወደ ራሴ ቤት መጣ።

ሶፋው ላይ ብርድ ልብሷን ለብሳ ቡጢ ታይ የነበረችው ልጄ አሁን 15 ዓመቷ ነው። ከአንድ ዓመት ተኩል በፊት ቡጢ ልሠልጥን አለች። አባቷ ደስታውን መደበቅ አልቻለም፤ እኔ «ለአካል ብቃት ጥሩ ነው» ብዬ ራሴን አጽናናሁ። በሳምንት ሦስት ቀን ከትምህርት ቤት መልስ ሰፈራችን አጠገብ ወዳለ ማሠልጠኛ ትሄዳለች። ገመድ ትዘላለች፣ ከረጢት ትመታለች፣ ማታ የእጇን ፋሻ አጥባ በረንዳው ላይ ታሰጣለች። ከእሷ ጋር የሚሠለጥኑ ሦስት ሴቶች አሉ፤ የቀሩት ወንዶች ናቸው።

ባለፈው ዓመት ማሠልጠኛው የቤተሰብ ቀን አዘጋጀ። ሠልጣኞቹ ወላጅና እንግዳ ፊት የሚያሳዩበት፣ ሁለት ሦስት ደጋፊ ድርጅቶችም የሚገኙበት ቅዳሜ ነበር። ልጄ ያን ሰሞን በደስታ ምግብ እንኳ በደንብ አትበላም ነበር። አንድ ማታ ግን ዝም ብላ ገባች፤ ቦርሳዋን ወርውራ ክፍሏን ዘጋች። አባቷ እንደምንም አስወጥቶ ሲጠይቃት ነገሩ ታወቀ። ወንዶቹ አምስት ግጥሚያ ያሳያሉ፤ አራቱ ሴቶች ተመሳሳይ ቲሸርትና ታይት ለብሰው የዙር ካርድ ይይዛሉ። ለድምቀት።

«አንድ ቀን አይደል እንዴ?» አለ ባለቤቴ ሊያረጋጋት። «ካርድ መያዝም ሥራ ነው።»

«ሥራ እንደሆነማ አውቃለሁ» አለች። «ግን እኔ የሠለጠንኩት እሱን አይደለም።»

አማቴ ጥግ ላይ ተቀምጠው ጥጥ ይፈትሉ ነበር። ቡጢ የሚባለውን ነገር በጭራሽ አይወዱም፤ «ሰው ለምን ፊቱን ያስመታል?» ይላሉ ሁልጊዜ። ስለዚህ ከእኔ ጋር ሆነው «ተዪው» ይሏታል ብዬ ጠብቄ ነበር። እንዝርታቸውን አቆሙና፣ «እኛ ድግስ ቤት እንግዳ ስናስታጥብ ነው ያደግነው» አሉ። «ማስታጠብ ነውር የለበትም፤ ምርቃት ነው። የታጠበው ሁሉ መርቆሽ ያልፋል። ግን ያስታጠበችዋ ልጅም መጨረሻ ላይ ቀርባ ትበላለች። ሁልጊዜ ስታስታጥብ ውላ ማዕዱ ላይ ቦታ ከሌላት፣ እሱ ሥርዓት አይባልም።»

ስንት ጽሑፍ አንብቤ ያላገኘሁትን መልስ አማቴ በእንዝርት መሀል ሰጡኝ። ካርዱ ክፉ አይደለም፤ የያዘችውም ሴት ምንም አላጎደለች። መጠየቅ ያለበት ሌላ ነገር ነው። ወዳ ነው የያዘችው? በአግባቡ ተከፍሏታል? መፋለም ብትፈልግ ወደዚያው መድረክ የሚያወጣ ሌላ ደረጃ አለላት? ሦስቱም «አዎ» ከሆነ በልብሷ ላይ ፈራጅ ልሆን አልፈልግም። ሦስተኛው «የለም» ከሆነ ግን ቀሚሷን እስከ ቁርጭምጭሚቷ ብታስረዝሙትም ነገሩ አይስተካከልም።

አንድ ነገር ግን ልደብቃችሁ አልችልም። እንደ እናት ካየሁት ካርዱ ለእኔ ይሻለኝ ነበር። ካርድ የያዘችን ልጅ ማንም አይመታትም። ስለ ኪም ዱክ ኩ ያነበብኩ ሰው ነኝ፤ ያን ሌሊት እንቅልፍ አልወሰደኝም። ልጅን ማክበር አንዳንድ ጊዜ ከመፍራት ጋር አብሮ እንደሚመጣ የሚነግረን የለም።

በማግሥቱ ከልጄ ጋር ወደ አሠልጣኟ ሄድን። እኔ እንድናገርላት አልፈለገችም፤ አጠገቧ እንድቆም ብቻ ነው የጠየቀችኝ።

«ኮች፣ እኛም አንድ ግጥሚያ ይኑረን» አለችው። «ክብደታችን የሚቀራረብ ሁለት ሴቶች አለን። የእኛን ግጥሚያ ካርድ ወንዶቹ ይያዙልን፤ የእነሱን እኛ እንይዛለን። ሁላችንም በልምምድ ቱታችን።»

አሠልጣኙ ክፉ ሰው አይደለም። ወደ እኔ ዞሮ፣ «ወላጆችን ፈርቼ ነው» አለኝ። «የወንድ ልጅ ከንፈር ቢያብጥ ቤተሰቡ ይስቃል። የሴት ልጅ ፊት ላይ ጭረት ቢወጣ ነገ ማን ያናግረኛል? እርስዎ ራስዎ ይፈቅዳሉ?»

ልጄ አላየችኝም። ወለሉን እያየች ትጠብቅ ነበር። ስለ ራስ መከላከያው፣ ስለ ጓንቱ መጠን፣ ሐኪም ይኖር እንደሆነ፣ አንዷ ከተጎዳች ማን እንደሚያስቆም ጠየቅሁት። ለሁሉም መልስ ነበረው። የራስ መከላከያ ይደረጋል፣ ዙሩ ሦስት ብቻ ነው፣ እያንዳንዱ ሁለት ደቂቃ፣ ዳኛው እሱ ራሱ ነው፣ ነርስ ከመድረኩ ሥር ትቀመጣለች። የሌላዋንም ልጅ እናት ደውዬ አናገርኳት፤ እሷም እንደ እኔ በፍርሃት እየተንቀጠቀጠች እሺ አለች። ስለዚህ ፈቀድኩ።

ቅዳሜ ደረሰ። አዳራሹ ሞላ፤ ፈንዲሻ፣ ቡና፣ ሕፃናት፣ የደጋፊ ድርጅቶች ባነር። ሦስተኛው ግጥሚያ የልጄ ነበር። ስለ አፋለሟ ብዙ አልጽፍም፤ አብዛኛውን በጣቶቼ መሀል ነው ያየሁት። ባለቤቴ አጠገቤ ቆሞ ድምፁ እስኪዘጋ ይጮሃል። ከመጀመሪያው ዙር በኋላ መነጽር ያደረገ አንድ ቀጭን ልጅ ካርድ ይዞ ወጣ። ፊቱ ቀልቷል፤ ካርዱን ገልብጦ ስለያዘው 2 ቁጥር በራሷ ቆማለች። አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ፤ እሱም ሳቀና አስተካክሎ ዞረ። ሰው ሁሉ አጨበጨበለት። ያ ልጅ ያን ደቂቃ በእርግጥ ድምቀት ሆኖ ነበር፤ ወንድ መሆኑ ምንም አላጎደለበትም። እኔ ግን እሱን ብዙም አላየሁም። ዓይኔ በርጩማው ላይ የተቀመጠችው ልጄ ላይ ነበር። አሠልጣኟ ውኃ ያጎርሳታል፣ እሷ ጭንቅላቷን ትነቀንቃለች፣ ትንፋሿ ትከሻዋን ከፍ ዝቅ ያደርገዋል። ያቺ ደቂቃ ለማን እንደተፈቀደች ያን ጊዜ በደንብ ገባኝ።

ልጄ በነጥብ ተሸነፈች። ሁለቱ ልጆች ተቃቀፉ፤ የተጋጣሚዋ እናትና እኔም ሳንተዋወቅ ተቃቀፍን። ከንፈሯ በአንድ ጎኑ አብጧል። ነርሷ ዓይኗን በመብራት አየች፣ ራሷን ያማት እንደሆነ ጠየቀቻት፣ ደህና ናት አለች። በረዶ ያዥ፣ ወደ ቤት እንሂድ አልኳት።

«አንዴ ቆዪ፣ እማዬ» አለች። «የእኔ ተራ ነው።»

ቀጣዩ ግጥሚያ የወንዶች ነበር። የመጀመሪያው ዙር እንዳለቀ ልጄ በገመዶቹ መሀል ሾልካ ወጣች፤ ቱታዋን እንደለበሰች፣ ፋሻው እጇ ላይ እንዳለ፣ ባበጠ ከንፈሯ። ካርዱን ከራሷ በላይ ከፍ አድርጋ አራቱንም ማዕዘን ዞረች። ማንም አላፏጨም። ከኋላ የተቀመጡ የእሷ እኩያ ወንዶች ተነስተው አጨበጨቡ። በጎኔ የነበሩ አንድ አባት ለትንሿ ልጃቸው፣ «ያቺ ቅድም የተጋጠመችው ናት» ሲሏት ሰማሁ።

ወደ ቤት ስንመለስ መኪና ውስጥ በረዶውን ከንፈሯ ላይ ይዛ ለረጅም ሰዓት ዝም አለች። ሽንፈቷን እያሰበች መሰለኝ። ሰፈራችን ስንደርስ ቀኝ እጇን ትከሻዋ ላይ አድርጋ እያሸች ተናገረች፤

«እማዬ፣ ካርዱ ግን ክንድ ያደክማል። እነዚያ ሴቶች እንዴት ነው 12 ዙር ሙሉ ፈገግ የሚሉት?»